የድገመው ልጅ

ትክክለኛ ስሙን የሚያውቁት ሚስቱና መታወቂያው ብቻ ናቸው። ለሌላው ሰው ሁሉ ጋሽ ድገመው ነው። ስሙን ያወጣለት ሥራው ነው። ጎማ ከታሰረ በኋላ፣ ቡሎኑ ሁሉ ከጠበቀ በኋላ፣ ባለመኪናው "በሉ ደህና ዋሉ" ብሎ ሞተር ሊያስነሳ ሲል ሰውየው ከየትም ብቅ ይልና "ድገመው!" ይላል። እስኪደገምለትም አይጠብቅ። ራሱ ቁጢጥ ብሎ የጎማ መፍቻውን ያስገባል፣ ጉልበት እንዲጨምርለት መፍቻው ላይ ክንድ የሚያህል የብረት ቱቦ ይሰካል፣ ከዚያ እያቃሰተ ቡሎኖቹን አንድ በአንድ እንደገና ያጠብቃቸዋል። ሲጨርስ ይነሳል፣ እጁን በጨርቅ ይጠርጋል፣ አንድ ቃል ሳይተነፍስ ይሄዳል።

ይሁን፤ ሰው ጠባይ አለው። በማንም ሥራ ላይ ቢሆን ምን ቸገረን? ነገር ግን ጋራዡ ውስጥ ከሰውየው ሌላ ጎማ የሚያስር ሰው አንድ ብቻ ነው። እሱም የገዛ ልጁ ነው።

እስቲ በልጁ ቦታ ሁንና አስበው። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ያሰርከውን ጎማ ሁሉ አባትህ ከኋላህ እየመጣ ሲደግምብህ፣ ያውም ደንበኛ ፊት፣ ያውም አንድም ቀን ላልቶ ሳያገኘው! አንድም ቀን! ልጁ ይኼን አሳምሮ ያውቃል፤ አባቱ በቱቦው ሲታገል ጥግ ቆሞ ዓይኑን ሳይነቅል ያያልና። መፍቻው ንቅንቅ ብሎ አያውቅም። ባለመኪኖቹ ግን ደስ ይላቸዋል። የልጁ ውርደት ለእነሱ ጥንቃቄ ነው። "እንዲህ ነው እንጂ ባለሙያ!" ይሉታል አባትየውን። ልጁን ማንም ምንም አይለውም።

አንድ ጊዜ፣ ገና ሥራ በጀመረ ሰሞን፣ ደፍሮ ጠይቆ ነበር።

"አባባ፣ ምን ጎደለው?"

"ምንም።"

"ታዲያ ለምን ትደግመዋለህ?"

"ይደገማላ።"

በቃ፣ ይኸው ነው። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ ከሰውየው አፍ የወጣው ትልቁ ማብራሪያ "ይደገማላ" ነው። ሌላው ንግግራቸው "ክሪኩን አምጣ"፣ "ግራሶ አልቋል"፣ "በሩን ዝጋ" ነው። ምሳ ሲበሉ እንኳ አንደኛው ወደ መንገዱ፣ ሌላኛው ወደ ግድግዳው ዞሮ ነው የሚበላው። አብሯቸው አንድ ቆርቆሮ ጣሪያ ሥር የሚሠራ የመኪና ኤሌክትሪክ ሠሪ አለ፤ ነገረኛ። "የድገመው ልጅ" ይለዋል ልጁን። "እስቲ ሙት በለኝ፣ ጋሼ አንተን ሲወልዱህ በአንዴ ነው ወይስ ደግመውሃል?" ሰው ሁሉ ይንከተከታል። ልጁም ጥርሱን ያሳያል፤ ውስጡ ግን ድብን ይላል። ሠላሳ ዓመት ያለፈው ሰው ነው እኮ! የራሱን ቤት ተከራይቶ የሚኖር፣ የተቃጠለ ሞተር አውርዶ የሚያነሳ፣ ሌሎች ጋራዦች አቅቷቸው የላኩትን የሚፈታ። ጎማ ማሰር አይችልም ይባል?

ለዚህ ነው ከከተማው ማዶ ያለው የአውቶቡስ ድርጅት "የጋራዣችን የፈረቃ ኃላፊ ሁንልን" ሲለው ዓይኑን ያላሸው። እሺ አለ። ሰኞ ይጀምራል። የነገረው ለእናቱ ብቻ ነው። እናትየው ዱቄት እየነፋች ሰማችው፤ ወንፊቱን አስቀመጠች።

"ለአባትህ ነግረኸዋል?"

"እነግረዋለሁ።"

"መቼ? ሰኞ ማታ?"

"እነግረዋለሁ አልኩ እኮ፣ እማዬ። አንቺ ብቻ እንዳትነግሪው።"

እውነቱን እንናገር ከተባለ ልጁ መሄድ አይፈልግም። የአውቶቡስ ድርጅቱ ምኑም አይደለም። የሚፈልገው አንድ ነገር ነው፤ ከመሄዱ በፊት አባቱን ፊት ለፊት አቁሞ "ምን አድርጌህ ነው እንዲህ የናቅኸኝ?" ብሎ መጠየቅ፣ ሰው የሚሰጠው ዓይነት መልስም ማግኘት። መልስ ካገኘ ሥራውም ይቅር፣ ኃላፊነቱም ይቅር። "ይደገማላ" ካለው ግን ይሄዳል፣ ከዚያ ወዲያ የዚያን ጋራዥ በር አይረግጥም። እንዲህ ብሎ ለራሱ ምሎ ነበር። ጥያቄውን ግን ዛሬ ነገ እያለ ቅዳሜ ደረሰ።

አሁን ደግሞ በዚያ ጋራዥ ውስጥ የማይነገረውን ነገር እንናገር። የአባትየው ቀኝ እጅ ደክሟል።

ልጁ ያየው ባለፈው ክረምት ነው። መጀመሪያ መፍቻ ከእጁ ወደቀ። መፍቻ ከማን እጅ አይወድቅም? ቀጥሎ የሻይ ብርጭቆውን በሁለት እጁ መያዝ ጀመረ። አውራ ጣቱ ሥር ያለው ሥጋ ሟሟ። ሥራ ሲፈታ ያንን እጁን ቱታው ኪስ ውስጥ ከቶ ነው የሚቆመው። አንድ ጠዋት ልጁ ሳያንኳኳ እነሱ ቤት ቢገባ እናትየው የሰውየውን ሸሚዝ ትቆልፍለታለች። አባትየው እንደ አራስ ነብር ሆነ። "እዚህ ቤት በር የለም እንዴ? በር አይንኳኳም?" ብሎ ጮኸ። እናትየው ቁልፉን አልለቀቀችም፤ በዓይኗ ብቻ "ውጣ" አለችው። ወጣ። ስለዚያ ጠዋት ማንም ለማንም ምንም ያለው የለም።

ከጥቂት ቀን በኋላ ነው ጉዱ የመጣው። አባትየው የአንዲት ታክሲ ጎማ አስሮ እጁን ሊታጠብ ሄደ። ልጁ በዚያ ሲያልፍ እንዲያው እጁን ጣል አድርጎ አንዱን ቡሎን ቢነካው ዞረ። በጣቱ! ሹፌሩ ገብቶ በሩን ዘግቷል፤ ቁልፉን ሊያዞር ነው። ልጁን ላብ አጠመቀው። "አንዴ ጠብቀኝ፣ የጎማውን ንፋስ ልየው" ብሎ ዋሸና ሁሉንም አጠበቃቸው።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አባትየው ያሰረውን ጎማ ሁሉ ልጁ ከኋላው እየሄደ ያጠብቃል። በድብቅ ነው። ሰውየው እጁን ሲታጠብ፣ ስልክ ሲያወራ፣ ከደንበኛ ጋር ሲሟገት፣ ልጁ ቱቦውን ይዞ ሹልክ ይላል። ለምን አልነገረውም? ጥሩ ጥያቄ ነው። ለዚያ ሰው "እጅህ ደክሟል" ብሎ የሚነግረው ማን ወንድ ነው? እናትየው እንኳ ቁልፉን ትቆልፋለች እንጂ ቃሉን አላወጣችውም። ሦስት ሰው ሆነው አንድ እጅ ይደብቃሉ፤ እጁም ባለቤቱም እዚያው ናቸው! እንዲህ ዓይነት ቤተሰብ ሲያጋጥም ሰው በንዴት ፀጉሩን ቢነጭ አይፈረድበትም።

ሐሙስ ዕለት አንድ ሚኒባስ የፊት ፍሬን ሸራ ሊቀየርላት ገባች። ሹፌሩ ቀላ ያለ፣ ለፍላፊ፣ የቆየ ደንበኛ ነው። ቀዩ ነው የሚሉት። አባትየው ራሱ ሠራት፣ ራሱ ጎማዋን አሰረ፣ ሊታጠብ ሄደ። ልጁ እንደ ልማዱ ሄዶ አጠበቀ። ትንሽ ቆይቶ ከሌላ መኪና ሥር ቀና ሲል አባቱን እዚያው ጎማ ሥር አየው። ምን እያደረገ እንደሆነ አልታየውም። ፈትቶት ይሆን? እንደገና አስሮት ይሆን? ሚኒባሷ ልትወጣ ስትል አባትየው ከቀዩ ጋር ጨዋታ ይዟል። ልጁ ጊዜ አላጠፋም፤ ቱቦውን ሰክቶ ባለ በሌለ ኃይሉ ደገመው። ሚኒባሷም ወጣች።

ቅዳሜ ከምሳ በኋላ በሌላ መኪና ተጎትታ ተመለሰች።

ቀዩ እሳት ጎርሶ እሳት ለብሶ ነው የገባው። ከኪሱ የተበጠሱ ቡሎኖች አወጣና የመሥሪያ ጠረጴዛው ላይ በተናቸው።

"ማን ነው? ማን ነው ይኼን ያሰረው? ዓይኑን ልየው!"

ኤሌክትሪክ ሠሪው ሽቦውን እንደያዘ ብቅ አለ። "ምነው፣ ምን ሆንክ?"

"ምን ልሁን? ሰው ጢም ብሎ ሞልቶብኝ፣ ኩርባው ላይ ስታጠፍ መሪው እጄ ላይ ይንቀጠቀጥ ጀመር። ቆሜ ባይ ጎማው በሁለት ቡሎን ተንጠልጥሏል! በሁለት! አንድ ኩርባ ቢጨመር አልቆልን ነበር። ከኋላዬ አንዲት እናት ሕፃን ታቅፋ ተቀምጣለች። ይገባችኋል? ሕፃን!"

ልጁ አንዱን ቡሎን አነሳ። ላልቶ ቢሆን ኖሮ ጥርሱ ይበላ ነበር። ይኼኛው ጥርሱ ደህና ነው፤ አንገቱ ግን ተስቦ ቀጥኗል፣ የተበጠሰውም እዚያው የቀጠነበት ላይ ነው። ብረት እስከ ልኩ ነው የሚችለው። ከልክ በላይ ጠብቋል ማለት ነው። በመጨረሻ ያጠበቀው ማን እንደሆነ ደግሞ ልጁ ያውቃል። የዚያች እናት ሕፃን ዓይኑ ላይ መጣበት።

አባትየውም በግራ እጁ አንዱን አንስቶ ወደ ብርሃን አስጠጋው። አገላበጠው። ልጁ ጥርሱን ነክሶ ጠበቀ። አሁን ነው፤ አሥራ አንድ ዓመት ሲፈለግ የነበረው ጥፋት ይኸው ተገኘ። አሁን በሰው ፊት "አላልኩም?" ይለዋል። አሁን ይገላገላል።

"እኔ ነኝ" አለ አባትየው።

ሌላ ሰው ቢሆን እፎይ ይላል፣ ወይ ሆዱ ይባባል። የልጁ ደም ግን ፈላ። እንዴት? በጥፋቱ እንኳ አያምነውም? ጥፋቱን እንኳ "አንተ አትችለውም፣ ወዲህ በለው" ብሎ ይወስድበታል?

"ውሸት ነው!" አለ።

ኤሌክትሪክ ሠሪው ሽቦውን ጣለ። በዚያ ግቢ ሰውየውን ውሸታም ያለ ሰው እስከዚያ ቀን አልተፈጠረም ነበር።

"ምን አልክ?"

"መጨረሻ ያጠበቅኩት እኔ ነኝ። ጥፋቱ የኔ ነው።"

"አንተ አይደለህም። ያንን ጎማ እኔ ነኝ ያሰርኩት።"

"አንተ አሰርከው፣ እኔ አጠበቅኩት!"

"ዝም በል! እኔ ነኝ አልኩ!"

"እኔ ነኝ አልኩህ!"

ቀዩ ወዲያና ወዲህ ሲያይ ንዴቱ ጠፋበት። "ኧረ በሕግ አምላክ!" አለ። "ሰው ጥፋት ይሸሻል እንጂ ይሻማል እንዴ?"

አባትየው አልሰማውም። ወደ ልጁ አንድ እርምጃ ተራመደ። "እኔ ያሰርኩት ጎማ ላይ አንተ ምን ልትሠራ ደረስክ?"

ልጁ መዋሸት ይችል ነበር። ሸራውን ላየው ፈልጌ ነው ቢል ያልፍለት ነበር። ግን አንዴ ነዷል። "ሁልጊዜ ነው የምደርስበት!" አለ። "አንተ ያሰርከውን ሁሉ። ሁሉንም! እጅህን ልትታጠብ ዞር ስትል። ከክረምት ጀምሮ።"

የአባትየው ቀኝ እጅ ወደ ኪሱ ገባ። ልጁ አየው፤ ቀዩም አየው፤ ኤሌክትሪክ ሠሪው ዓይኑን መሬት ላይ ተከለ።

"ከክረምት ጀምሮ" አለ አባትየው።

"አዎ።"

"ከኋላዬ።"

"አዎ!"

"እንደ ሌባ!" ድምፁ ተሰነጠቀ። "በገዛ ጋራዤ! በገዛ ሥራዬ ላይ ዘበኛ ቆምክብኝ? እኔ ነኝ ይኼን ሥራ ያስተማርኩህ! መፍቻ አያያዝ ሳታውቅ! ምን አድርጌህ ነው? ምን አድርጌህ ነው እንዲህ የናቅኸኝ?"

ጉድ እኮ ነው። ይኼ የልጁ ንግግር ነበር። ቃል በቃል የልጁ ነው፤ ለዚህ ቀን ብሎ ሆዱ ውስጥ ያስቀመጠው፣ ማታ ማታ ጣሪያ ጣሪያ እያየ ያጠናው። አባትየው ቀድሞት ተናገረው። ልጁም ያለውን ሁሉ ዘረገፈው።

"የምን ንቀት ነው የምታወራው? የታክሲዋ ቡሎን በጣቴ ዞረ እኮ! በጣቴ! ብትወጣና ሰው ብትጨርስስ? አንተን አስረው ቢወስዱብኝስ? በዚህ ዕድሜህ? እማዬስ ምን ትሆናለች? አንተ የነካኸው መኪና በወጣ ቁጥር ስልኬ እስኪጮህ ነው የምጠብቀው! እህል አይወርድልኝም! ፈርቼልህ ነው እንጂ! ምን ንቀት አለበት? ፈርቼልህ ነው!"

ቃሉ ከአፉ ከወጣ በኋላ ነው እሱ ራሱ የሰማው።

አባትየው አየው።

"እኔስ?" አለ። "እኔስ ምን የሆንኩ መሰለህ?"

እዚህ ላይ ይተቃቀፋሉ ብሎ የጠበቀ ካለ እነዚህን ሰዎች አያውቃቸውም። ልጁ ጭራሽ ባሰበት። ፊቱ ደም መሰለ።

"ታዲያ አትናገርም?" ብሎ ጮኸ። "አፍ የለህም? አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ሰው ሲስቅብኝ እዚያው ቆመህ! አንድ ቀን 'ፈራሁልህ' ብትለኝ ምን ይጎድልብህ ነበር?"

"አንተስ ተናገርክ?"

"እኔ ልጅህ ነኝ! ልጅ ከማን ይማራል?"

"ሐሙስ ዕለት ጎማው ሥር ተቀምጠህ አየሁህ" አለ አባትየው፣ ያልተጠየቀውን። አሁን እሱም ይጮኻል። "የፈታኸው መሰለኝ! ስለዚህ ደገምኩት! እጄ እንቢ ሲለኝ ቱቦው ላይ በእግሬ ቆሜ ነው የደገምኩት! በእግሬ! ቡሎኑ ያኔ ነው ያለቀለት። ስለዚህ እኔ ነኝ አልኩህ፤ እኔ ነኝ!"

"እኔም ከዚያ በኋላ ደግሜዋለሁ!"

"ወይ ጉዴ!" አለ ቀዩ ጭንቅላቱን ይዞ። "አንድ ጎማ ላይ አራት ጊዜ? እናንተ ሰዎች መነጋገር እንዲህ ያማል እንዴ? እኔ የማውቀው ላልቶ ሰው ሲሞት ነው፤ እናንተ በፍቅር ልትጨርሱን ነው!"

አባትና ልጅ እኩል ዞረው ገላመጡት። ቃሉ ሁለቱንም አስደነገጣቸው መሰለኝ።

"በሉ አሁን ሥሩልኝ" አለ ቀዩ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። "ግን በናታችሁ አንድ ሰው ብቻ ይንካት። አንድ ሰው ብቻ! ሌላ ጎማ የሚያስር ሰው የለም እዚህ?"

"እኔ የማጠብቀው አምፖል ነው" አለ ኤሌክትሪክ ሠሪው። የሳቀ የለም።

አባትየው ሄዶ አንድ አሮጌ ጎማ ላይ ተቀመጠ። ልጁ ሥራውን ጀመረ። የቀሩትን ቡሎኖች አወጣ፣ አዲስ አስገባ፣ ጎማውን አነሳ፣ አሰረ። መፍቻውን በተጫነ ቁጥር የአባቱ ዓይን ማጅራቱ ላይ ይሰማዋል። አንዴ እንኳ ዞሮ አላየም። ሲጨርስ ቀና አለ። አባትየው ከተቀመጠበት ተነሳ። ቀዩ ዘሎ በመካከል ገባ።

"ጋሼ! በልጅዎ ይዤዎታለሁ፣ እንዳይነኳት!"

ሰውየው ቆመ። ጎማውን አየ፣ ቀዩን አየ፣ ልጁን አየ። ላብ ግንባሩ ላይ ችፍ ብሏል። ከዚያ ተመልሶ ተቀመጠና ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ሚኒባሷ ወጣች። ድምጿ ከመንገዱ ጫፍ እስኪጠፋ ድረስ ሁለቱም ከነበሩበት አልተንቀሳቀሱም። ኤሌክትሪክ ሠሪው ጉዳይ አለኝ ብሎ ዕቃውን እንኳ ሳይሰበስብ ሄደ።

ልጁ ቱታውን ማውለቅ ጀመረ። ጥያቄው ተጠየቀ፣ መልሱም ተገኘ፤ ያውም ከራሱ አፍ። ታዲያ ደስታው የታለ? ደስታ የለም። አንጀቱ ብቻ ነው የሚያርረው። መልሱ ይኸው ከሆነ ያ ሁሉ ዓመት ለምን ተቃጠለ? ማንን ይቆጣ? የሚመታው ነገር ቢያገኝ ይመታ ነበር።

"ሰኞ ነው አይደል?" አለ አባትየው ከግድግዳው ሳይዞር።

ልጁ አንድ እግሩ ቱታው ውስጥ እንዳለ ደርቆ ቀረ። "ማን ነገረህ?"

"እናትህ ናታ። አንተ ትነግረኝ መሰለህ?"

"መቼ ነው የነገረችህ?"

"ሰንበትበት ብሏል።"

"እና አውቀህ ዝም አልከኝ?"

"ዝም ያልከኝማ አንተ ነህ!" አባትየው ዞረ። "የሚሄደው ነው የሚናገር ወይስ የሚቀረው?"

"እሺ፣ እሄዳለሁ! ይኸው ነገርኩህ! ሰኞ እሄዳለሁ!"

"ሂድ!" አለ አባትየው። ከዚያ ድምፁ ወረደ። "ሂድ። ጥሩ ቦታ ነው አሉ። እዚያ ከኋላህ እየመጣ የሚደግምብህ የለም።"

"ሌላ የምትለው የለህም?"

አባትየው ፊቱን ወደ ግድግዳው መለሰ። ልጁ ቱታውን ጨርሶ አወለቀና ጠረጴዛው ላይ ወረወረው። በሩ ድረስ ሄደ። በሩ ላይ ሲደርስ ነው ከኋላው የጠራው። የጠራው በስሙ ነው፤ ያን ስም ከዚያ አፍ ከሰማው ቆይቷል። ዞረ።

አባትየው ተነስቶ ጠረጴዛው አጠገብ ቆሟል። ቀኝ እጁን ከኪሱ አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ፣ ብርሃኑ ላይ፣ ልጁ በደንብ እንዲያየው ዘርግቶ አስቀምጦታል። ጣቶቹ ያለ ፈቃዱ ይንቀሳቀሳሉ። ሊያቆማቸው አልሞከረም።

"ይኼ እንቢ ብሎኛል" አለ። "አንተ ስትሄድ የኔን ማን ያይልኛል?"

ለልጁ የመጣለት ጩኸት ነው። ሌላ ምን ያውቃል? ከጩኸት ሌላ ምን አስተማሩት?

"ይኼን ለማለት አሥራ አንድ ዓመት ይፈጃል? አሥራ አንድ ዓመት!" አለ። "በየቀኑ ከሥራ ስወጣ እመጣለሁ። ሁሉንም አየዋለሁ። እስክመጣ ድረስ አንተ ያሰርከው መኪና ከዚህ በር እንዳይወጣ! ሰማህ? አንድም እንዳይወጣ! ደንበኛ ቢቆጣ ይቆጣ! እኔ ሳላየው አንድም!"

አባቱን እንዲህ አዝዞት አያውቅም። ተናግሮ ሲያበቃ ትንፋሹን ይዞ ጠበቀ። አሁን ሰማይ ይወርዳል፤ "አንተ ማን ስለሆንክ ነው እኔን የምታዘኝ?" ይላል፤ እጁ የገባውን አንስቶ ይወረውራል። ይወርውር! ልጁ ለዚያ ተዘጋጅቷል፤ የሚመልሰውም አፉ ላይ ነው።

አባትየው እጁን ከጠረጴዛው ላይ አነሳ።

"እሺ" አለ።

ልጁ በሕይወቱ ያ ሰው ለማንም እሺ ሲል ሰምቶ አያውቅም። ለደንበኛም፣ ለሚስትም፣ ለማንም። ለራሱ ሲመኘው የኖረው ቃል ነው፤ አሁን ግን ጆሮው ሲገባ የታክሲዋ ቡሎን ጣቱ ላይ ከዞረበት ቀን የበለጠ አስፈራው። "በለኝ እንጂ!" ሊለው ፈለገ። "ጩህብኝ! ውጣልኝ በለኝ!" አንገቱን ይዞ እስኪጮህ ድረስ ሊነቀንቀው ፈለገ። አባትየው ግን አልጮኸም። እዚያው እንደቆመ፣ ልጁ ቀጥሎ የሚያዘውን ይጠብቃል።